ሁለት ስልክ ይዞ መዞር ይብቃ!

አዲስ ስልክ ገዝቶ አሮጌውንም ኪሱ ውስጥ ይዞ የሚዞር ሰው ስንቱ ነው! አዲሱ ለፎቶና ለቲክቶክ፣ አሮጌው ደግሞ «ቁጥሩ እዚያ ስላለ» ለመደወያ። ሲጠየቅ መልሱ ያው ነው፦ «ቅዳሜ ሲመቸኝ አዛውረዋለሁ።» ቅዳሜ ይመጣል፣ ለቅሶ አለ። ሌላው ቅዳሜ ይመጣል፣ ሠርግ አለ። እንዲህ እንዲህ እያለ መስተዋቱ የተሰነጠቀው፣ ባትሪው እኩለ ቀን ሳይደርስ የሚሞተው ስልክ ጡረታ ሳይወጣ ዓመት ይሞላዋል።

ስንፍና ነው ብዬ አልፈርድም። እኔ ብዙ ሰው ላይ የማየው ፍርሃት ነው። «አንድ ነገር ነክቼ ሁሉም ድምጥማጡ ቢጠፋስ?» የሚል ፍርሃት። የሚያስፈራን ደግሞ ስልኩ ውስጥ ያለው ሁሉ አንድ ጆንያ ውስጥ የታጨቀ ስለሚመስለን ነው። አይደለም። አንዳንዱ ሲም ካርዱ ላይ ነው። አንዳንዱ ስልኩ ራሱ ላይ፣ አንዳንዱ ሚሞሪ ካርዱ ላይ ነው። አንዳንዱ ደግሞ ጭራሽ ስልኩ ውስጥ የለም፤ በስማችሁ በተከፈተ አካውንት ኢንተርኔት ላይ ነው ያለው። ምኑ የት እንዳለ ለይቶ ያወቀ ሰው ግማሹን ሥራ ጨርሷል። የቀረው ግማሽ የአንድ ምሽት ጉዳይ ነው፤ ትችሉታላችሁ!

ሞባይል ቤት ወስዶ «ገልብጥልኝ» ማለትም ይቻላል። ልጆቹ ፈጣኖች ናቸው፣ ዋጋውም አይከብድም። ግን የቤተሰብ ፎቶ፣ የባንክ መልእክት፣ ከትዳር ጓደኛችሁ ጋር የተጻጻፋችሁት ሁሉ ያለበትን ዕቃ ክፍት አድርጋችሁ ለማታውቁት ሰው ትታችሁ ትሄዳላችሁ። ከዚህም በላይ የሚቆጨኝ ሌላ ነገር አለ። በገዛ እጁ አንድ ጊዜ ያዛወረ ሰው ከዚያ ወዲያ ቴክኖሎጂ ሲባል የሚያፈገፍገው ነገር ይቀንሳል። እሱን ድፍረት ሞባይል ቤት አይሸጡም።

እንግዲህ ሁለቱንም ስልኮች ሙሉ ቻርጅ አድርጉ፤ መብራት ይሄዳል አይሄድም እያላችሁ እንዳትጨነቁ። ከዚያ ተቀመጡ።

ከስልክ ቁጥር እንጀምር። አሮጌው ስልክ ላይ ኮንታክቱን ከፍታችሁ አንዱን ስም ንኩና የት እንደተቀመጠ እዩ። ሲም፣ ስልክ ወይም ጎግል ይላችኋል። ሲም ካርድ ብዙውን ጊዜ 250 ያህል ስም ነው የሚይዘው፤ ለአንድ ስምም በአብዛኛው አንድ ቁጥር ብቻ። በዚያ ላይ በእኛ ፊደል የተጻፈ ስም በላቲን ፊደል ከተጻፈው እጥፍ ቦታ ስለሚወስድበት መሐል ላይ ይቆርጠዋል። «ወይዘሮ አልማዝ እንጀራ» ብላችሁ መዝግባችሁ «ወይዘሮ አል» ሆኖ ያገኛችሁት ለዚህ ነው። ሌላም አለ። አዲሱ ስልክ ትንሿን ሲም ፈልጎ ቴሌ ሄዳችሁ ብታስቀይሩ ቁጥራችሁ እንዳለ ይቀጥላል፤ አሮጌው ሲም ላይ የተመዘገቡት ስሞች ግን አብረው አይመጡም። የሚሰጣችሁ ሲም ባዶ ነው። ቴሌ ደጃፍ ቆሞ «የሰው ቁጥር በሙሉ ጠፋብኝ» የሚለው ሰው ሚስጥሩ ይኸው ነው።

ስለዚህ ሲሙን ከማስቀየር በፊት ስሞቹን ወደ ጎግል አካውንት አሻግሩ። ኮንታክት ውስጥ ኢምፖርት የሚል አለ፤ ከሲም ወደ ጎግል በሉት። ኢንተርኔት ከሌላችሁ ደግሞ ኤክስፖርት ስትሉት መጨረሻው ቪሲኤፍ የሆነ አንድ ፋይል ይወጣል። መቶዎች ስም የያዘው ይህ ፋይል አብዛኛውን ጊዜ ከአንድ ፎቶ ያንሳል። በብሉቱዝ ወደ አዲሱ ስልክ ላኩት፣ እዚያ ክፈቱት፣ ስሞቹ ሁሉ ይሰለፋሉ። በመጀመሪያ ሙከራ የሚሳካ ሥራ ስለሆነ እጅን ለማሟሸት ጥሩ ነው።

እዚህ ላይ ግን ትንሽ እንድትቆዩ እፈልጋለሁ። የአገራችን ሰው ኮንታክት እንደ ሕይወት ታሪክ ይነበባል። አበበ ቧንቧ። ሰላም ፀጉር። ደላላ ሲኤምሲ። ደላላ ሲኤምሲ አዲሱ። የማሚ ሐኪም። ቀጩ ኤሌክትሪክ። «እንዳታነሺው» ተብሎ የተመዘገበ አንድ ቁጥር ደግሞ አይጠፋም። ከላይ እስከ ታች ስትወርዱ የሠራችሁባቸው መሥሪያ ቤቶች፣ የተከራያችሁባቸው ሰፈሮች፣ የታረቃችኋቸውና ያልታረቃችኋቸው ሰዎች ሁሉ ተሰልፈው ያልፋሉ።

ታዲያ ይህን ሰልፍ ዝም ብላችሁ አትለፉት። «ይሄ ሰው እንዴት ሆኖ ይሆን?» ያሰኛችሁ ስም ላይ ቁሙና ደውሉ። ምክንያት ደግሞ ዛሬ በእጃችሁ አለ፤ «ስልክ ቀይሬ ቁጥርህ ይሠራል ወይ ብዬ ነው» ማለት ይበቃል። ለዓመታት የተቋረጠ ጓደኝነት በዚህች አረፍተ ነገር ይቀጠላል። ሥራ ያገኘም፣ የተቀየመውን ወንድሙን ያናገረም ሰው ከዚህ የተሻለ መግቢያ አልነበረውም። ቁጥሩ ለሌላ ሰው ተሰጥቶ ቢሆን እንኳ «ይቅርታ ተሳሳትኩ» ትላላችሁ፣ ትሰርዙታላችሁ። በሞት የተለዩንን ሰዎች ስም በተመለከተ «አጥፉት» የሚሉ አሉ። እኔ አልስማማም። ቦታ አይወስድ፣ እንጀራ አይጠይቅ፤ ይቀመጥ።

አንድ ትንሽ ነገር ጨምሩ። እዚያው እያላችሁ በ09 ወይም በ07 የሚጀምሩትን የቅርብ ሰዎች ቁጥር በ+251 አስተካክሉ። አንድ ቀን ከአገር ብትወጡ ዋትሳፑም ጥሪውም ያለ ጣጣ ይሠራል።

ወደ ጎግል አካውንቱ እንመለስ፤ ብዙ ሰው የሚደናቀፈው እዚህ ነው። ስልኩን የገዛችሁ ቀን ሱቁ ውስጥ ያለው ልጅ ፈጠን ፈጠን ብሎ ጂሜይል ከፈተላችሁ፤ የይለፍ ቃሉን እሱ ያውቀዋል ወይም እሱም ረስቶታል። ዛሬ አዲሱ ስልክ «ጂሜይልህን አስገባ» ሲላችሁ ጭንቅላት ማከክ ይመጣል። አይዟችሁ። አሮጌው ስልክ አካውንቱን ከፍቶ እንደያዘ ነው፤ ያ ማለት ቁልፉ በእጃችሁ አለ ማለት ነው። ሴቲንግ ውስጥ ጎግል የሚለውን ስትከፍቱ አድራሻችሁ ከነሙሉ ስሙ ተጽፎ ታገኙታላችሁ። «የይለፍ ቃል ረሳሁ» ብትሉት ደግሞ አሮጌው ስልክ ራሱ «በእርግጥ አንተ ነህ?» ብሎ ሊጠይቅና ሊያረጋግጥላችሁ ይችላል። አዲስ የይለፍ ቃል ስጡት፤ ማስመለሻ ስልክ በሚለው ቦታ የራሳችሁን የሚሠራ ቁጥር መዝግቡ። ይህን ያደረጋችሁት አሮጌውን ስልክ ሳታጠፉ ስለሆነ ተሳካ። ስልኩን ካጠፉት በኋላ የሚያስታውሱት ናቸው የሚሰቃዩት።

ፎቶ ትልቁ ክምር ነው። ጎግል በነጻ የሚሰጠው 15 ጊጋባይት ነው፤ እሱንም ኢሜይሉ፣ ድራይቩና ፎቶው ይካፈሉታል። ድሮ ጥራቱ ትንሽ የተቀነሰ ፎቶ ያለ ገደብ ይቀመጥ ነበር፤ ያ ከግንቦት 24 ቀን 2013 ዓ.ም. ጀምሮ ቀርቷል። አይፎን የያዛችሁ ደግሞ በነጻ ያላችሁ 5 ጊጋባይት ነው። ስለዚህ ሺህ ፎቶና የሠርግ ቪዲዮ በሞባይል ዳታ ወደ ሰማይ ለመስቀል አትልፉ፤ ፓኬጁ ያልቃል፣ እናንተም ተስፋ ትቆርጣላችሁ። ስልክ ከስልክ ጋር በቀጥታ ሲገለባበጥ አንድም ሳንቲም የኢንተርኔት አይቆጥርም። ዜንደር የተባለው አፕ በዚህ አገር ተወዳጅ የሆነው ለዚህ ነው። ሳምሰንግ የገዛ ሰው ስማርት ስዊች አለለት። ከአንድሮይድ ወደ አይፎን የሚሻገር ሙቭ ቱ አይኦኤስ የተባለውን አፕ አሮጌው ስልክ ላይ ይጫን።

ከሁሉም የሚቀለውን ግን ብዙ ሰው ራሱ ነው የሚዘለው። አዲሱ ስልክ ገና ከካርቶኑ ወጥቶ ሲከፈት «ከሌላ ስልክ ልገልብጥልህ?» ብሎ ይጠይቃል። እኛ ደግሞ ካሜራውን ለማየት ስለምንቸኩል ስኪፕ፣ ስኪፕ፣ ስኪፕ። ያቺን ጥያቄ እሺ በሏት። በኬብል ወይም በዋይፋይ ሁለቱን አገናኝታ ኮንታክቱን፣ መልእክቱን፣ ፎቶውን፣ የአፖቹን ዝርዝር ራሷ ታሻግራለች። አይፎን ለአይፎን ከሆነማ ሁለቱን ጎን ለጎን ማስቀመጥ ነው።

ከመገልበጡ በፊት ማጥራት አለ። ቤት ሲቀየር የተሰበረ ወንበር፣ ቀዳዳ ባልዲ፣ የ1998 ካላንደር ሁሉ አይሱዙ ላይ ጭኖ አዲሱ ቤት የሚያወርድ ሰው አይታችሁ ታውቃላችሁ? ስልክም ላይ እንደዚያው ነው። የመቶ ሰው «እንኳን አደረሳችሁ» ፎቶ፣ የተደጋገመ ስክሪንሾት፣ ኪሳችሁ ውስጥ ራሱን ያነሳ ጥቁር ቪዲዮ። ቁጭ ብላችሁ ሁሉንም አንድ በአንድ ምረጡ አልልም፤ ያማ ቅዳሜን እንደገና ማስመጣት ነው። የዋትሳፕን ቪዲዮዎች በክብደት አሰልፋችሁ ከላይ ያሉትን ትልልቆቹን ብቻ አጥፉ። ግማሹ ሸክም እዚያ ይረግፋል።

ፎቶ ላይ ሆነን ድምፅ እንረሳለን፤ እሱ ነው የሚያሳዝነው። አባት ከገጠር በድምፅ የላኩት ምርቃት አለ እንበል። «እደግ፣ ተመንደግ» ሲሉ መሐል ላይ ሳል ይመጣል፣ ከጀርባ ዶሮ ይጮሃል፣ አንዱ ልጅ «ጨርሱ አባባ፣ ካርዱ እያለቀ ነው» ይላል። ከስድስት መቶ የሰርግ ፎቶ ይህች ግማሽ ደቂቃ ትበልጣለች። ግን ጋለሪ ውስጥ አትታይም። የመቅጃው አፕ የቀዳው ሪኮርዲንግስ በሚባል ፎልደር ውስጥ፣ የዋትሳፕ ድምፅ ደግሞ በዋትሳፑ ፎልደር ሥር ቮይስ ኖትስ ውስጥ ተደብቆ ነው ያለው። ፋይል ማናጀሩን ክፈቱ፣ ፈልጉ፣ የምትወዷቸውን ስም ሰጥታችሁ ለዩ፤ ወደ አዲሱ ስልክ አሻግሩና አንድ ኮፒ ደግሞ ኮምፒውተር ወይም ፍላሽ ላይ አስቀምጡ። ሁለት ቦታ የተቀመጠ ነገር በአንድ ቀን አይጠፋም።

ቴሌግራም ላይ ጊዜ አላጠፋም፤ ቁጥራችሁን አስገብታችሁ ስትገቡ ሁሉም ጠብቆ ያገኛችኋል። ሁለት ነገር ብቻ ልብ በሉ። መግቢያ ኮዱ ቀድሞ የሚመጣው አሮጌው ስልክ ላይ ባለው ቴሌግራም ውስጥ ስለሆነ «ኤስኤምኤስ አልመጣልኝም» ብላችሁ አትደንግጡ፣ እዚያ እዩ። ሁለተኛ፣ ሲክሬት ቻት ብላችሁ የከፈታችሁት ውይይት አይሻገርም፤ ተሠርቶ የወጣው እንዲያ እንዲሆን ነው።

ዋትሳፕ ሌላ ጠባይ አለው። ወሬያችሁ ያለው ስልኩ ላይ ነው። ከአንድሮይድ ወደ አንድሮይድ ከሆነ አሮጌው ላይ ሴቲንግ፣ ቻትስ፣ ከዚያ ትራንስፈር ቻትስ በሉ። አዲሱ ላይ በዚያው ቁጥር ስትገቡ ኪውአር ኮድ ያወጣል፤ በአሮጌው ስካን አድርጉት። ባክአፕም ኢንተርኔትም ሳያስፈልግ ወሬው ከነፎቶው ይፈልሳል። ስልኮቹን አጠገብ ለአጠገብ አድርጓቸው፣ ዋይፋይና ሎኬሽን ክፍት ይሁን፣ እስኪጨርስ ሌላ ነገር አትነካኩ።

ከዱባይ፣ ከሪያድ ወይም ከቤሩት የተመለሳችሁ እህቶችና ወንድሞች፣ ይህች ለእናንተ ናት። ዋትሳፓችሁም ቴሌግራማችሁም እዚያ አገር በነበራችሁ ቁጥር የተከፈተ ነው። ያ ሲም ጊዜው ሲያልፍ ይዘጋል፤ ከዚያ ስልክ ብትቀይሩ ኮዱ የሚላከው ወደሌለ ቁጥር ይሆናል። አሁን ባለው ስልክ ላይ ክፍት ሆኖ ሳለ፣ ሴቲንግ ውስጥ ቼንጅ ነምበር የሚለውን ገብታችሁ ወደ ኢትዮጵያ ቁጥራችሁ ቀይሩት። ጂሜይሉ ላይ ያለውን ማስመለሻ ቁጥርም እንዲሁ። ስልኩን መቀየር የምታስቡት የዛሬ ዓመት ቢሆን እንኳ ይህችን ዛሬ አድርጉ።

ገንዘቡስ? ትልልቅ ሰዎች አጥብቀው የሚጠይቁት ይህንን ነው፤ «ስልኩን ስቀይር ብሬ አብሮ ይሄዳል?» አይሄድም። ብሩ ስልኩ ውስጥ ኖሮ አያውቅም። ቴሌብር በ2013 ዓ.ም. ግንቦት ሥራ ሲጀምርም ሒሳቡ የታሰረው ከስልክ ቁጥሩ ጋር ነው። አፑ በሌለበት በተን ስልክ እንኳ *127# ብላችሁ ትገባላችሁ። አዲሱ ስልክ ላይ አፑን ታወርዳላችሁ፣ ወደ ቁጥራችሁ የሚመጣውን ኮድና ፒናችሁን ታስገባላችሁ። የባንክ አፖች ግን ይለያያሉ። አንዳንዶቹ አፑን ከአንድ ስልክ ጋር ስለሚያስሩት አዲስ ማስጀመሪያ ኮድ ለመውሰድ ቅርንጫፍ ድረስ ሊልኳችሁ ይችላሉ። ስለዚህ ደመወዝ በሚወጣበት ዕለት ወይም በበዓል ዋዜማ ስልክ አትቀይሩ! ኮዱን ወይም ፒኑን በስልክ ደውሎ «ላስተካክልልህ» ብሎ ለሚጠይቅ ሰው ደግሞ፣ ድምፁ የቱንም ያህል ጨዋ ቢሆን፣ መልሱ መዝጋት ነው።

አሁን ሁሉ ተሻግሯል። እጃችሁ አሮጌውን ሪሴት ለማድረግ ይበላችኋል። ቆዩ! የቸኮለች አፍሳ ለቀመች ይባላል፤ ሪሴት ከተደረገ ስልክ ግን የሚለቀም የለም። ሁለት ሳምንት መሳቢያ ውስጥ ይቀመጥ። በአዲሱ ብቻ ኑሩ። በዚህ መሐል «ኧረ የፋይዳ ስክሪንሾቴ የታለ?» «የልጆቹ ክትባት ካርድ ፎቶስ?» የምትሉት ነገር መምጣቱ አይቀርም፤ መሳቢያውን ከፍታችሁ ታመጡታላችሁ። ሁለት ሳምንት ሙሉ ያልፈለጋችሁት ነገር በኑሯችሁ ውስጥ ብዙ ቦታ አልነበረውም።

ሲጠፋ ደግሞ በወጉ ይጥፋ። መጀመሪያ ሲሙንና ሚሞሪ ካርዱን አውጡ፤ ስልኩን አጽድቶ ሚሞሪ ካርዱን ከነቤተሰብ ፎቶው ለገዢ ያስረከበ ሰው ጥቂት አይደለም። ቀጥሎ ጎግል አካውንቱን ከስልኩ ላይ አስወግዱ። ከ2015 እ.ኤ.አ. ጀምሮ አንድሮይድ፣ አካውንቱ ሳይወጣ በግድ የተፎረመተ ስልክ የቀድሞውን ባለቤት ጂሜይል ካላገኘ አልከፈትም ይላል። ለሌባ የተበጀ ወጥመድ ነው፤ እናንተ ከዘነጋችሁ ግን የሚያዘው ደህናው ገዢ ነው። አይፎን ከሆነ ፋይንድ ማይ የሚለውን ማጥፋት እንዳትረሱ። ከዚያ ሴቲንግ ውስጥ ፋክተሪ ሪሴት። የቅርብ ዓመታት ስልኮች መረጃውን በቁልፍ አመስጥረው ስለሚያስቀምጡት ሪሴት ቁልፉን ራሱን ያጠፋዋል፤ «ተመልሶ ይወጣብኝ ይሆን» ብላችሁ እንቅልፍ አትጡ። በመጨረሻም አዲሱ ላይ ቴሌግራም ውስጥ ዲቫይስስ የሚለውን ከፍታችሁ የአሮጌውን ስልክ መግቢያ ዝጉት።

ንጹሑ ስልክ ካልተሸጠ ለእናት፣ ለአክስት ወይም ዘንድሮ ከተማ ለገባው የአጎት ልጅ ይሁን። ስትሰጡ ግን እንዲያው «እንካ» ብላችሁ አትሂዱ። ጂሜይሉን በራሱ ስም አብራችሁት ክፈቱ፣ የይለፍ ቃሉን በራሱ እጅ ደብተር ላይ ይጻፈው፣ ኮንታክቱ ጎግል ላይ መሆኑን አሳዩት። እማማ ከሆኑ ፊደሉን አተልቁላቸው፤ የልጆቹን ቁጥር ከነፎቷቸው ፊት ለፊት ደርድሩላቸው፤ እስኪለምዱት ሁለት ሦስቴ እናንተ ፊት ይደውሉ። ሲሳሳቱ ስልኩን ከእጃቸው አትንጠቁ። ቻርጀሩንም አብራችሁ ስጡ እንጂ፤ ስልክ ሰጥቶ ቻርጀር የሚያስቀር ሰው አለ!